ፍየሏ ደህና ናት

አክስቴን ግላፊራን የጠላኋት ገና ጫማዋን አውልቃ ሳትጨርስ ነው። በሩ ተንኳኳ፤ እናቴ ከፈተች፤ ጥቁር ሻሽ ያሰረች ግዙፍ ሴት በገመድ የተጠፈረ ሻንጣ ይዛ ደጃፉን ሞልታ ቆማለች። እናቴን ከእግር እስከ ራሷ ለካቻትና «ከንፈርሽን ቀብተሻል» አለቻት። ሰላምታዋ ይኸው ነበር። እናቴ ከንፈሯን በእጇ ጀርባ ጠረገችና ገለል አለችላት። እኔ ከካፖርት መስቀያው ሥር ተደብቄ፣ ይህቺ ሴት ዛሬውኑ በመጣችበት እግሯ ትመለስ ብዬ ተመኘሁ። አልተመለሰችም። አልጋዬን ወሰደችና እኔ ከእናቴ ጋር መተኛት ጀመርኩ።

አባቴ ያን ጊዜ ሰማይ ላይ ነበር። ሞቶ ማለቴ አይደለም። ጠፈርተኛ ነበር፤ ከበጋው ጀምሮ በጠፈር ጣቢያው ላይ ይኖራል። በእኛ ሰፈር ይህ ብርቅ አልነበረም። ከሞስኮ ወጣ ብሎ፣ በጥድ ደን መካከል ታጥሮ በሚጠበቀው ሰፈራችን፣ የአንዱ ልጅ አባት ሰማይ ላይ ሲሆን የሌላው አባት ወጥ ቤት ተቀምጦ ተራው አልደርስ ብሎት ይነጫነጫል። የእኔ ተራው ደርሶት ሄደ።

ወደ እነሱ ደግሞ በየጊዜው የስንቅ መንኮራኩር ትላካለች። ሰው የለባትም። ነዳጅ፣ ውሃ፣ አየር፣ የታሸገ ምግብና መለዋወጫ ተጭኖባት ብቻዋን ትወጣለች፣ ብቻዋን ጣቢያውን ፈልጋ ትለጠፍበታለች። ከዚያ ሁሉ ጭነት መካከል ለእያንዳንዱ ጠፈርተኛ ከቤቱ አንዲት ትንሽ ጥቅል ይፈቀድለታል። በአባቴ ጥቅል ውስጥ አያቴ ሁልጊዜ ድርሻ ነበራት። የሱፍ ካልሲ፣ ተከትፎ የደረቀ ፖም፣ ከአጥሯ ሥር የለቀመችው፣ ደርቆም ቀለሙን የማይለቅ ቢጫ የሜዳ አበባ በነጭ ክር ታስሮ። አባቴ አበባውን ከመስኮቱ አጠገብ ይሰካዋል። በቴሌቪዥን ስናየው ከጀርባው ቢጫ ነገር ይታየን ነበር።

አያቴ በዚያ ዓመት፣ ቅጠል በሚረግፍበት ወራት ሞተች። እኔ ይህን ያወቅኩት በረዶው ከቀለጠ በኋላ ነው። ለእኔ የተነገረኝ «አያትሽን ሳንባዋን አሟት ሆስፒታል ተኝታለች» ተብሎ ነበር። በየእሁዱ ከእናቴ ጋር ወደ መቆጣጠሪያ ማዕከሉ እየሄድን ከአባቴ ጋር በቴሌቪዥን እናወራ ስለነበር፣ የሰባት ዓመት ልጅ አፍም ክዳን ስለሌለው፣ ከእኔም ተደበቀ። ሰማይ ላይ ላለ ሰው መርዶ አይነገርም። ደንቡ እንዲያ ነበር። እዚያ ያለቀሰ ሰው እንባው እንኳ አይወርድለትም፤ ዓይኑ ላይ ተከማችቶ ይንጠለጠላል ይሉ ነበር።

ስለዚህ የማየውን ሁሉ ያየሁት ምንም ሳላውቅ ነው። አክስቴ በመጣች በማግስቱ አንሶላዬን ከአልጋው ገፍፋ የኮሪደሩን መስታወት ሸፈነችበት። መልኳ ስለሚያስጠላት ነው ብዬ ደመደምኩ። ብፌው ላይ ደግሞ አንዲት ብርጭቆ ቮድካ ቀድታ፣ በላዩ ቁራሽ ጥቁር ዳቦ ከድና አስቀመጠች። ጠዋት አየሁት፤ ማታም አልተነካም። ሰካራም ናት፣ ግን እናቴን ስለምትፈራ አትጠጣም አልኩ። ይህንን ለጎረቤታችን ልጅ ነግሬያት አብረን ስቀናል። መስታወት በለቅሶ ቤት እንደሚሸፈን፣ ያቺ ብርጭቆም የሟች ድርሻ እንደሆነች ለማወቅ እኔ ዕድሜ ያስፈልገኝ ነበር።

እናቴ መስታወቱን ትገልጣለች፤ አክስቴ ትሸፍነዋለች። እናቴ ብርጭቆውን ወደ ቁምሳጥኑ ታስገባለች፤ አክስቴ መልሳ ታወጣዋለች። አንድም ቃል ሳይነጋገሩ ቀኑን ሙሉ ይህን ሲያደርጉ ይውላሉ። ሁለቱ ድሮም እሳትና ጭድ ነበሩ። እናቴ የከተማ ልጅ ናት፤ ትምህርት ቤት ሒሳብ ታስተምራለች፤ ፍየል ማለብ አታውቅም። ለአክስቴ ይህ በቂ ነበር።

«ሾርባሽ ምኑ ነው የሚጣፍጠው?» ትላታለች ማንኪያዋን አስቀምጣ።

«አልጣፈጠሽም?»

«ለወንድሜም ይህን ነበር የምታበዪው? ወዶ አይደለም ሰማይ የወጣው።»

እናቴ ዝም ብላ ሳህኑን ታነሳለች። ዝምታዋ ያናድደኝ ነበር። እኔ ብሆን ሾርባውን ሻሿ ላይ ነበር የምደፋው።

ከዚያ ቬኒያሚን ልቮቪች መጣ። ይህ ሰው ሥራው የጠፈርተኞች መንፈስ እንዳይረበሽ መጠበቅ ነበር። ሽቶው ከእሱ ቀድሞ ነው ቤት የሚገባው። ለእኔ ቸኮሌት ሰጥቶ ራሴን ዳበስ አደረገና ወደ ወጥ ቤት ገብቶ በሩን ገፋ አደረገው። በራችን ገጥሞ አያውቅም፤ ቸኮሌቴን እየላስኩ ከስንጥቁ ቆምኩ።

«ግላፊራ ስቴፓኖቭና» አለ ለስለስ ብሎ፣ «የእናትዎ ካልሲ፣ የእናትዎ ፖም፣ ያቺ አበባም፣ ሁሉም እንደወትሮው ይሂድለት። ይህ ከቀረበት ይጠረጥራል።»

«እሷ አሁን ስንቅ የምትቋጥር ናት?»

«ልጅቷ ትሰማለች» አለች እናቴ።

«ትስማ!» አክስቴ ጠረጴዛውን መታች፤ ማንኪያዎቹ ዘለሉ። ከዚያ ግን ድምጿን ዝቅ አደረገች። «አርባዋ ሳይደርስ ልጇ ማወቅ አለበት። አንድ ወንድ ልጇ ነው። ቃል አስገብታኛለች።»

«ያውቃል። ሲወርድ።»

«እስከዚያ እንደ ሞኝ ይሳቅ?»

«እስከዚያ ሥራውን ይሥራ። ከጣቢያው ውጭ ወጥቶ የሚሠራው ጥገና አለ። እዚያ እጁ ቢንቀጠቀጥ የሚሞተው እሱ ብቻ አይደለም።» ሻይ ሲጠጣ ተሰማኝ። «ሪማ ፓቭሎቭና ተስማምተዋል» አለ፣ እናቴን በስሟ ጠርቶ።

«እሷማ ምን ትሆናለች» አለች አክስቴ። «መቼ ወደደቻትና።»

«ግላፊራ፣ ሻይሽ እየቀዘቀዘ ነው» አለች እናቴ።

እኔ ከዚህ ሁሉ የገባኝ አንድ ነገር ነው፤ አክስቴ ለአባዬ ካልሲ መላክ አልፈለገችም። «አርባዋ» የተባለውን የአያቴን የጫማ ቁጥር ነው ያልኩት። ቆጥቋጣ ናት አልኩ በልቤ፤ ቆጥቋጣ፣ ሰካራም፣ መልከ ጥፉ። ለአንዲት ሴት ይህን ያህል ስም ማውጣት ደስ አለኝ።

በማግስቱ ጠዋት ግን አክስቴ ሌላ ሰው ሆና ተነሳች። «እሺ፣ እቋጥርለታለሁ» አለች፤ ማንም ሳይለምናት። እናቴ ጥርጣሬ በሞላበት ዓይን አየቻት። እኔ እናቴ ያሸነፈች መስሎኝ ደስ ብሎኝ ነበር። አክስቴ ሻንጣዋን ጠረጴዛው ላይ ከፍታ ካልሲውን አወጣች፤ የፖሙን ከረጢት አወጣች፤ በመጨረሻም በጋዜጣ የተጠቀለለውን አበባ አወጣች። አያቴ በበጋ በእጇ ያሰረችው ነበር። እኔ መቁጠር የምወድበት ጊዜ ስለነበር ቆጠርኩት፤ አምስት ነበር። አያቴ አንድ፣ ወይ ሦስት፣ ወይ አምስት ነው የምትልከው።

አክስቴ ወደ በሩ ተገላመጠች። እኔ ከጠረጴዛው ማዶ፣ ወለል ላይ መሆኔን አላየችም። ነጩን ክር አልፈታ ሲላት በጥርሷ ፈታችው፤ አያቴ እንደ ገጠር ሰው አጥብቃ ነበር የምትቋጥረው። ከአምስቱ አበባ አንዷን መዘዘች። ትንሽ ይዛት ቆየችና በጡቷ መካከል ሸጎጠቻት። የቀረውን መልሳ ቋጠረችና ጨው እገዛለሁ ብላ ወጣች።

ሮጬ ወደ መታጠቢያ ቤት ገባሁ። እናቴ ልብስ ታጥባለች።

«እማዬ፣ የአባዬን አበባ ሰረቀች!»

«ማን?»

«እሷ ናታ! አምስት ነበር፤ አሁን አራት ነው። ጡቷ ውስጥ ከተተችው!»

እናቴ እጇን እንኳ ሳታደርቅ መጣች። ጋዜጣውን ገለጠች። ቋጠሮውን ለመፍታት ታገለች፣ ክሩን ፈታችና አበባዎቹን ጠረጴዛው ላይ ጎን ለጎን ዘረጋቻቸው። በጣቷ እየነካች ቆጠረች። አንዴ ቆጠረች፤ እንደገና ቆጠረች። ሮጣ ደረጃው ላይ ትደርስባታለች፣ በፀጉሯ ትጎትታታለች ብዬ ጠበቅኩ። እናቴ ግን አራቱን ሰብስባ ክሩን ጠዋት ጠዋት የፀጉሬን ሪባን እንደምታስረው፣ ቢራቢሮ አድርጋ አሰረችው። ከካልሲው ሥር አስገባችው።

«አንቺ ምንም አላየሽም» አለችኝ።

«ሰርቃለችኮ—»

«አስያ። እንዳለ ይሂድ።»

ያን ቀን ከአክስቴ ይልቅ እናቴን ጠላኋት። ፈሪ ናት አልኩ።

ለሚያነበኝ የሌላ አገር ሰው አንድ ነገር ልንገር፤ በእኛ ዘንድ ለሕያው ሰው አበባ የሚሰጠው በጎዶሎ ቁጥር ነው። ሙሉ ቁጥር፣ ሁለትም ሆነ አራት፣ ወደ መቃብር ነው የሚሄደው። ይህን የማያውቅ ትልቅ ሰው የለም። ሰባት ዓመት የሞላው ልጅ ግን ላያውቅ ይችላል።

ቬኒያሚን ልቮቪች ከሰዓት በኋላ ጥቅሉን ሊፈትሽ መጣ። ደብዳቤዬን አነበበ፤ ድምፃችን የተቀዳበትን ካሴት ሰማ፤ ከፖሙ አንድ ቀመሰ። ጋዜጣውን ሲገልጥ፣ በቀን አሥር ቃል የማትናገረው እናቴ አፏ ተከፈተ። የትምህርት ቤቱ ማሞቂያ ተበላሽቶ ልጆቹ በካፖርት እንደሚማሩ፣ ዳይሬክተሩ እንዴት ሰነፍ እንደሆነ፣ የእንጆሪ ማርማላታ ቀምሶ አስተያየት እንዲሰጣት። ማንኪያውን ራሷ ወደ አፉ ልታቀርብለት ምንም አልቀራት። እሱ ማርማላታውን እየላሰ አበባውን አሸተተ፣ አስነጠሰው፣ «ድርቆሽ» አለና መልሶ ጠቀለለው። አክስቴ ከበሩ ላይ ሆና እናቴን በንቀት አየቻት። እኔም አየኋት። ባሏ ሰማይ ላይ እያለ ሽቶ ለተቀባ ሰው ማርማላታ ታጎርሳለች።

አክስቴ በዚያው ቀን ሻንጣዋን አሰረች። በር ላይ፣ «የመጣሁበትን ጨርሻለሁ» አለች። እናቴም፣ «መንገዱ ይቅናሽ» አለቻት። በሩ ሲዘጋ መስታወቱ ላይ ያለውን አንሶላ ሄጄ ጎትቼ ጣልኩት። እናቴ አንሶላውን አነሳች፤ አጠፈች፤ ያን ዕለት መስታወቱን መልሳ ሸፈነችው። ለምን እንደሆነ ጠየቅኳት። «ተሰንጥቋል» አለችኝ። አልተሰነጠቀም ነበር።

መንኮራኩሯ ከካዛኮች ሜዳ ተተኮሰች። ጣቢያው ላይ ትለጠፋለች በተባለበት ቀን እናቴ ሥራ አልገባችም፤ ስልኩ አጠገብ ወንበር ስባ ተቀመጠች። መጀመሪያ የተደወለው ክፉ ነበር። መንኮራኩሯ ተጠግታ ተጠግታ፣ ልትነካው ስትል መንገድ ስታ በጎኑ አልፋ ሄደች። ሾፌር የላትም፤ ጣቢያው ላይ ያሉት ሰዎች በመስኮት ስትርቅ ያያሉ እንጂ እጃቸውን ዘርግተው አይይዟትም። እንደገና ይሞከራል፤ ነዳጇ ካለቀ ግን አለቀ፤ ከነሸክሟ ወድቃ ትቃጠላለች።

እናቴ ምሳ አልሠራችም። እኔ ዳቦ በስኳር በልቼ ከእግሯ ሥር ተቀመጥኩ። «ካልሲው ቢቃጠል ሌላ ትሠራለታለች፣ ስትድን» አልኳት ላጽናናት። እናቴ ተመለከተችኝ። በማግስቱ ስልኩ ሲጮህ በመጀመሪያው ጩኸት አነሳችው። ተለጥፋለች። እናቴ ስልኩን አስቀመጠችና ፊቷን በመጋረጃው ሸፍና አለቀሰች። እናቴ ስታለቅስ ያየሁት ያን ጊዜ ብቻ ነው፤ ለካልሲ ማልቀሷም ሞኝነት መስሎኝ ነበር።

በቀጣዩ እሁድ አባቴ በቴሌቪዥኑ ታየ። ፊቱ ያበጠ ይመስላል፤ እዚያ ሁሉም ያብጣሉ። ካልሲውን በእጁ ላይ አጥልቆ እንደ አሻንጉሊት አጫወተኝ። ከጀርባው፣ መስኮቱ አጠገብ፣ ቢጫው አልነበረም። ከዚያ ወደ እናቴ ዞረ።

«እናቴ እንዴት ናት?»

ቬኒያሚን ልቮቪች ከእናቴ ጎን ተቀምጦ በእርሳሱ ጉልበቱን መታ መታ ያደርጋል።

«ደህና ናት» አለች እናቴ። «ጉንፋን ቢጤ ነካ አደረጋት እንጂ።»

አባቴ ካልሲውን ከእጁ አወለቀ። ከዚያ ፈገግ አለ። «ፌክላስ?»

ፌክላ የአያቴ ፍየል ናት። «ፌክላማ» አለች እናቴ፣ «የጎረቤቱን ጎመን ጨርሳ፣ አሁን ሰውዬው ሲያልፍ ከአጥሩ ላይ ቆማ ትስቅበታለች።» አባቴ ሳቀ። እኔ ወንበሬ ላይ እየዘለልኩ ሳቅኩ። እናቴ ቀልድ እንደምታውቅ ያን ቀን ነው የሰማሁት።

ከዚያ ወዲያ በየእሁዱ «ፌክላስ?» ማለት ልማድ ሆነ። ፌክላ የፖስተኛውን ቆብ በላች። ፌክላ ጣሪያ ላይ ወጥታ መውረድ አቃታት። ፌክላ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ተኝታ ሰርገኞች ዞረው ሄዱ። ውሸትና ስንቅ እያደር ይቀላል ይባላል፤ የእናቴ ግን በየእሁዱ እየከበደ፣ እጅና እግር እያወጣ ሄደ። ፌክላ እኮ ለአያቴ ለቅሶ ታርዳ ተበልታለች። እኔ ይህን አላውቅም። ለእኔ እነዚያ እሁዶች በሕይወቴ ሁሉ ወላጆቼ የተዋደዱባቸው ቀናት ነበሩ። አባቴ ይጠይቃል፤ እናቴ ታወራለች፤ እሱ ሳቁን ሳያቋርጥ ዓይኗን ዓይኗን ያያል። ከዚያ በኋላ ለረጅም ዘመን፣ ፍቅር ምን ይመስላል ቢሉኝ ያን አስተያየት ነበር የምጠቅሰው።

አንድ እሁድ የስንቅ መንኮራኩሯን ሸኝተናል አለ።

«ምን ጫናችሁባት?» አልኩት።

«ቆሻሻ፣ የእኔ ልጅ። ባዶ ቆርቆሮ፣ ያረጀ ልብስ። ትንሽም የደረቀ አበባ።»

«ከዚያስ የት ትሄዳለች?»

«ወደ ታች። ውቅያኖስ ላይ ስትደርስ ትቃጠላለች።»

«አታሳዝንም?»

«ማን አለባትና» አለ፤ እናቴን እያየ።

በረዶው ሲቀልጥ ወረደ። ሆስፒታል አቆይተውት ወደ ቤት ሲያመጡት ሰፈሩ ሁሉ ተሰበሰበ። ጠረጴዛው እንግዳ አልችል ብሏል፤ አባቴ እግሩ ገና ስላልጸና ትራስ ተደግፎ ተቀምጧል። እናቴ አዲስ ቀሚስ ለብሳለች። ሊነግሩት የተመደቡት ቬኒያሚን ልቮቪችና አለቃው ከእሱ ግራና ቀኝ ሆነው፣ ፊታቸውን ለመርዶ አዘጋጅተዋል። ያኔ በሩ ተከፈተና አክስቴ ግላፊራ ከነጥቁር ሻሿ ገባች። አባቴ ጠረጴዛውን ተመርኩዞ ተነሳ። እጇን ሳመ።

«አራቱ ደርሰውኛል» አላት። «ከአርባዋ በፊት ነው የደረሱት። እዚያው አልቅሼላታለሁ።»

አክስቴ እዬዬ አለች። አባቴ ቀስ ብሎ ወደ እናቴ ዞረ፤ ያንኑ የእሁድ ፈገግታ ፈገግ አለ።

«ፌክላስ፣ ሪማ? ደህና ናት?»

እናቴ አልመለሰችም። ስለዚህ እኔ መለስኩለት። «ደህና ናት አባዬ! ጣሪያ ላይ ወጥታ ነበር!» ብዬ ጮህኩ። ከእንግዶቹ አንዱ ብርጭቆውን አስቀመጠ።

«ጎበዝ ውሸታም ነሽ» አላት አባቴ። «የእናቴ አፈር ሳይደርቅ፣ በየሳምንቱ፣ ዓይኔን እያየሽ። ዛሬ ይብቃት፣ ዛሬ ያንቃት ብዬ በየእሁዱ ጠበቅኩሽ። አንድም ቀን አላነቀሽም።»

እናቴ እሱን አየችው፤ አክስቴን አየቻት፤ ቬኒያሚን ልቮቪችን አየችው። ከዚያ መሐረቧን አጣጥፋ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችና «ሾርባው ይቀዘቅዛል፣ ብሉ» አለች። በበጋው አባቴ ልብሱን ይዞ ወጣ። ሁለቱ ከዚያ ወዲህ አንድ ክፍል ውስጥ ተቀምጠው አያውቁም። በሰርጌ ቀን እንኳ አንዱ ሲመጣ ሌላው ወጣ።

እኔ በዚያ ቀን ሁሉን የሰማሁ ይመስለኛል እንጂ የሰማሁት አልነበረም። አያቴ መሞቷን ስሰማ እዬዬ ብዬ ጎረቤት ወስደውኝ ነበር፤ «አራቱ» ምን እንደሆኑ አልጠየቅኩም። አባቴ የሄደው ሌላ ሴት ወድዶ ነው ብዬ አደግኩ። እውነቱን የነገረችኝ ራሷ አክስቴ ናት፤ ልትሞት ስትል፣ መንደሯ ሄጄ ስጠይቃት። አርጅታም ጥላቻዋ አላረጀም።

«ያ ሽቶ ቅቡ እያነበበ፣ እባብ እናትሽ እየጠበቀችው፣ በአራት አበባ መርዶውን ላክሁለት!» አለችኝ፤ ድዷን እያሳየች። «አንዷን መዝዤ እናቴ መቃብር ላይ አኖርኳት። አንድም ሰው አላወቀብኝ!»

አንድ ሰው አውቆባት ነበር። ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ፣ በእርጥብ ጣቷ ሁለቴ የቆጠረች። አክስቴ ደስታዋን ይዛ ትሙት ብዬ ተውኳት።

በቀጥታ ወደ እናቴ ነዳሁ።

«ቆጥረሻቸው ነበር» አልኳት። «ቆጥረሽ፣ ራስሽ አስረሽ ላክሻቸው። ማርማላታውም ለዚያ ነበር።»

የተማሪ ፈተና እያረመች እንደሆነ ሁሉ ከመነጽሯ በላይ አየችኝ፤ ጡረታ ከወጣች ግን ቆይታለች። «እና?»

«ታዲያ እሁድ እሁድ ለምን ዋሸሽው?»

«ሰውዬው ከጎኔ ተቀምጦ ምን ልበለው? ያወቀ መሰለኝ። እንዳወቅሁም ያወቀ መሰለኝ። ክሩን እኔ እንዳሰርኩት ይገባዋል ብዬ። ፍየሏን ሲጠይቀኝ፣ ለቅሶ ላይ ያለ ሰው ነው፣ ላስቀው ብዬ ነው። ሌሊቱን ስፈጥር አድር ነበር፤ እኔ ስለ ፍየል ምን አውቅና።»

«ሲወርድ ለምን አልነገርሽውም?»

«አልጠየቀኝማ» አለች። «ፈርዶብኝ ነው የመጣው። ለፈረደብኝ ሰው ምስክር አልቆጥርም።»

ምስክሯ እኔ ነበርኩ። ያ ሁሉ ዘመን ምስክርነቴን ይዤ፣ ስርቆት መስሎኝ ዞሬያለሁ። በእሷም ተናደድኩ። ኩራቷ እሷን ብቻ አይደለም ያስከፈላት፤ እኔንም አባት አሳጥቶኛል። ይህንን ፊት ለፊት ነገርኳት። «አዎ» አለችኝና መነጽሯን መጥረግ ጀመረች።

አባቴ ሆስፒታል የገባው በዚያው ሰሞን ነው። ሳንባው ነበር፤ እንደ እናቱ። ልጠይቀው ስነሳ እናቴ ካፖርቷን ለብሳ፣ የፖም ከረጢት ይዛ፣ ሳትጠየቅ መኪናው ውስጥ ገባች። ሆስፒታሉ ደጅ ስንደርስ ግን አልወርድም አለች። «ፖሙን እጠብቃለሁ» አለች። ብቻዬን ወጣሁ።

ከአልጋው ጠርዝ ተቀምጬ ዝርዝሩን ነገርኩት። ክሳቱ ያስደነግጥ ነበር፤ ዓይኑ ግን ያው የእሁዱ ዓይን ነው።

«ማን ነገረሽ?» አለኝ።

«ማንም። አይቻለሁ። ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ ሁለቴ ቆጠረች።»

«ሪማ?»

«የሒሳብ አስተማሪ ናት። እስከ አራት መቁጠር ያቅታታል ብለህ ነው?»

ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። የተቆጣ መስሎኝ ልነሳ ስል ተናገረ። «ክሩ» አለ። «ስስበው በአንዴ ተፈታ። እናቴ እንደዚያ አታስርም። ግላፊራም አታስርም፤ የእሷን ቋጠሮ በቢላ ነው የምትፈቺው።» ትንፋሹን ሰበሰበ። «ያቺን ክር ጣቴ ላይ ጠምጥሜ ወራት ኖሬያለሁ። ማን አሰራት ብዬ አስቤ አላውቅም። የት ናት?»

«ከታች፣ መኪና ውስጥ።»

«ትምጣ በያት።»

ወረድኩ። እናቴ የካፖርቷን ቁልፍ እስከ አንገቷ ቆልፋ፣ ከረጢቱን ጭኗ ላይ አድርጋ ፊት ለፊት ታያለች።

«ነገርሽው?»

«ነገርኩት። ክሩን አስታወሰ። ትምጣ ይላል።»

እጇ ወደ በሩ እጀታ ሄደ። እዚያ ቆየ፤ ቆየና ተመለሰ። ከረጢቱን በመስኮቱ አቀበለችኝ።

«ሂጂና ንገሪው» አለች። «ፌክላ ደህና ናት በይው። ወተቷም አላነሰም።»

«እማዬ።»

«እንዳልኩሽ ንገሪው።»

ተመልሼ ወጣሁ፤ እንዳለችኝም ነገርኩት። አባቴ ጥቂት አሰበና ሳቀ። ሳቁ ሳል ሆነ፤ ደግፌ አስቀመጥኩት። «ውሸታም» አለ። እንባው በጉንጩ ቁልቁል ወርዶ ትራሱ ውስጥ ገባ። ላብስለት መሐረብ ሳወጣ፣ ከታች የመኪናው ክላክስ ረዘም አድርጎ ጮኸ።

«እሷ ናት?» አለኝ።

«እሷ ናት» አልኩት።